ምንጭ ያልተገኘለት ማስነጠስ

ሂርጳ ለሜሳ በሕይወቱ የሚተማመንባቸው ነገሮች ሁለት ነበሩ፤ እግዚአብሔርና ክብ ማኅተም። ከሁለቱ የትኛው ይቀድማል ተብሎ ቢጠየቅ፣ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ የሚሰጠው መልስና ሰኞ መሥሪያ ቤት ውስጥ የሚሰጠው መልስ አንድ መሆናቸው ያጠራጥራል።

አሶሳ ውስጥ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት አሥራ ዘጠኝ ዓመት ተቀምጧል። ገቢ ደብዳቤ በመስኮት ይቀበላል፣ ቁጥር ይሰጠዋል፣ ቀን ይጽፍበታል፣ ፋይሉን ፈልጎ ያስገባዋል። የባምባሲ ልጅ ነው። አባቱ ከወለጋ መጥተው እዚያ በቆሎና ማንጎ ሲያለሙ ነው ያሳደጉት፤ እሱ ግን እርሻውን ለወንድሞቹ ትቶ ወደ ወረቀት ዞረ። ወረቀትን የሚወድ ሰው ብዙ ነው፤ እንደ ሂርጳ ወረቀት የሚያከብር ግን አሶሳ ውስጥ አልነበረም። አንድ ጊዜ አንድ መምህር ከግልገል በለስ ሁለት ቀን ተጉዞ መጥቶ ደብዳቤ ቢያቀብለው፣ ሂርጳ ወረቀቱን ወደ ብርሃኑ አዙሮ አየና «ማኅተሙ ፊርማውን አልነካም» ብሎ መለሰለት። መምህሩ ለመነ። ሂርጳም ከልቡ አዘነ፤ ወጥቶ ሻይ ጋበዘው፤ ደብዳቤውን ግን አልተቀበለውም።

«ወንድሜ፣ አንተንማ አምኜሃለሁ። ያላመንኩት ወረቀቱን ነው» አለው።

መምህሩ በመጣበት መንገድ ተመለሰ። ሂርጳም ነገሩን ረሳው፤ እስከ ዘንድሮ ድረስ።

የሂርጳ ቤትና የዐወድ አብዱልሐሚድ ቤት አንድ አጥር ነበር የሚለያቸው። ዐወድ የአካባቢው ተወላጅ፣ የበርታ ልጅ፣ ገበያ ውስጥ ሰሊጥና ባሚያ የሚሸጥ ቀጭን ሰው ነበር። ገና አፉን ሳይከፍት ሰው ያስቃል። እንዲህ ያለ ሰው በየሰፈሩ አንድ አይጠፋም፤ አብዛኛው ለቅሶ ቤትና ሠርግ ላይ ሲያስቅ ኖሮ ይሞታል። ዐወድ ግን ዕድል ቀናውና በ2007 መጨረሻ ላይ ማዶ ቴሌቪዥን የሚባል ትንሽ ጣቢያ «ትርፍ ሰው» የሚል አስቂኝ ተከታታይ ድራማ ሲጀምር አገኘው።

ድራማው እንዲህ ነበር። አንዲት አሮጌ ሚኒባስ ከሸርቆሌ ወደ አሶሳ ትመጣለች። ረዳቱ ከልኩ በላይ ሰው ይጭናል። መንገድ ላይ ትራፊክ ሲታይ ትርፉ ተሳፋሪ በጆንያዎቹ መሀል ጎንበስ ይልና ጋቢ ይደረብበታል። ትራፊኩ በሩን ከፍቶ በዱላው ጫፍ ጋቢውን ነካ ያደርግና «ይሄ ምንድን ነው?» ይላል። «ሽንኩርት ነው» ይላል ረዳቱ። ያን ጊዜ ሽንኩርቱ ማስነጠስ ይጀምራል። ዐወድ ያ ሽንኩርት ነበር።

ነገሩ ሲነገር ቀላል ይመስላል። ዐወድ ግን ማስነጠሱን እንደ ሩቅ ዝናብ ነበር የሚያመጣው። መጀመሪያ ጋቢው ትንሽ ያብጣል። ከዚያ ዝም። ትራፊኩ ፊቱን ያዞራል፤ ተሳፋሪው ሁሉ ትንፋሹን ይውጣል፤ ሻይ ቤት ቁጭ ብሎ የሚያየው ሰው ጭምር አፍንጫውን ይይዛል። በቃ ዋጠው ሲባል፣ በሩ ሊዘጋ ሲል፣ ይመጣል። ከአሥራ አራቱ ክፍሎች በአንዱም የቀደመውን አልደገመም። በማግሥቱ ገበያ ሲገባ አማራው «ይማርህ!»፣ ኦሮሞው «ይማርህ!»፣ የገዛ ወገኑ «የርሐሙከላህ!» እያለ ይቀበለው ነበር። ሰውየው ባያስነጥስም ሲመረቅ ይውላል።

ይህን ማስነጠስ ያመጣው ራሱ ዐወድ ነው። ከአዲስ አበባ የመጣው ደራሲ የጻፈለት ሌላ ነበር፤ የበርታ ሰው አማርኛ ሲሰባብር የሚያሳይ ብዙ ንግግር ነበር። ዐወድ አማርኛ ማንበብ ብዙም ስለማይሆንለት ጽሑፉን አመሻሽ ላይ ሂርጳ ያነብለት ነበር። ያን ቀን ሲያነብለት እየሳቀ ነበር፤ ቀና ሲል ዐወድ አልሳቀም።

«ሂርጳ፣ አንተ በዚህ ሳቀ» አለው። ሂርጳ አፈረ። ዐወድም ወረቀቱን ተቀብሎ አጣጠፈውና «ሰው በምላስ ላይ ከሚስቅ በአፍንጫ ላይ ይሳቅ። አፍንጫ ሁሉም አለው» አለ። በማግሥቱ ቀረጻ ላይ አንድ ቃል ሳይናገር አስነጠሰ፤ ዳይሬክተሩ ካሜራው ላይ ተደፍቶ ሳቀ፤ የተጻፈውም ቀረ።

«ትርፍ ሰው» በአሥራ አራተኛው ክፍል ተቋረጠ። ለምን እንደተቋረጠ እስከ ዛሬ ጠርቶ የሚያውቅ የለም። ስፖንሰር የነበረው የሳሙና ፋብሪካ ከስሮ ነው የሚል አለ። መንገዱ ስላስፈራ ሚኒባሷን ይዞ መውጣት አልተቻለም የሚልም አለ። አንድ ትልቅ ሰው፣ «ከሹፌሩ ጎን ተቀምጦ ሒሳብ የማይከፍለው ገጸ ባሕርይ እኔን ነው» ብሎ ተቆጥቶ ነው የሚልም ሞልቷል። ጣቢያውም ብዙ አልቆየም፤ አዲስ አበባ ያለ አንድ ድርጅት ገዛውና ዕቃው ተጭኖ ሄደ። ዐወድ ወደ ሰሊጡ ተመለሰ። በ2010 ጉበቱን ታሞ ሞተ። ትንሿ ልጁ ሪም ያኔ የዘጠኝ ወር ሕፃን ነበረች።

ከአሥራ አራቱ ክፍሎች በሰው እጅ የቀረው አሥራ አንድ ደቂቃ ብቻ ነው። ሸርቆሌ ክሊኒክ በአስተርጓሚነት የምትሠራ ሀዲል የምትባል ሴት፣ አንድ ምሽት ሻይ ቤት ውስጥ ከቴሌቪዥኑ ላይ በስልኳ ቀርጻው «ሳቅ» የሚል ስም ብቻ ሰጥታ ኢንተርኔት ላይ ለቅቃው ነበር። ምስሉ ይንቀጠቀጣል፤ የሻይ ብርጭቆ ይንኳኳል፤ አንድ ቦታ ላይ የሆነ ሰው ጭንቅላት ቴሌቪዥኑን ይጋርዳል። ይሁን እንጂ ዐወድ አለ። ጋቢው ያብጣል፣ ዝም ይላል፣ ያስነጥሳል፤ ከዚያ ጋቢውን ገልጦ ፊቱን ያሳያል። ዘወትር ዓርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ባለቤቱ ብኸይታ ስልኳን ከፍታ ከሪም ጋር ታየዋለች። ሪም አባቷን የምታውቀው በዚህ ነው፤ በሳምንት አሥራ አንድ ደቂቃ።

ዘንድሮ ጥቅምት ላይ ሪም ክፍል ውስጥ «አባቴ ቴሌቪዥን ላይ ይሠራ ነበር» አለች። ልጆች ሳቁባት። መምህሯ ክፉ ሰው አይደለም፤ ስልኩን አውጥቶ «ትርፍ ሰው» ብሎ ፈለገ፣ «ማዶ ቴሌቪዥን» ብሎ ፈለገ፤ ምንም አላገኘም። «የለም እኮ ሪም» አላት በለሆሳስ። በዚያ ቀን ልጅቷ ውሸታም ተብላ ወደ ቤቷ ገባች። ሂርጳ በአጥሩ ማዶ ስታለቅስ ሰማ።

ሂርጳ ይህን ሊታገሥ አልቻለም። በእሱ ሃይማኖት፣ ያልተመዘገበ ነገር ተፈጥሮ እንኳ ቢሆን የለም። ስለዚህ መመዝገብ አለበት። ኢንተርኔት ላይ ማንም ሰው ሊጽፍበት የሚችል ትልቅ መዝገበ ዕውቀት እንዳለ ያውቃል፤ መምህሩም የፈለገው እዚያ እንደሆነ ገባው። ከሥራ ሲወጣ ከቢሮው ኮምፒዩተር ፊት እየተቀመጠ በስድስት ቀን አሥራ ሁለት ገጽ ጽፎ እዚያ ላይ አወጣው። «ዐወድ አብዱልሐሚድ በዓለም ላይ ወደር የማይገኝለት አስነጣሽ ነበር» ብሎ ይጀምራል።

ሃያ ደቂቃ አልሞላውም፣ ቢሻው በሚል ስም የሚጠራ አንድ አራሚ ጻፈለት። ቢሻው ማን እንደሆነ፣ የት እንደሚኖር፣ ሽማግሌ ይሁን ወጣት የሚታወቅ ነገር የለም፤ የሚታወቀው ትሑትና የማይነቃነቅ መሆኑ ብቻ ነው።

«ጤና ይስጥልኝ አቶ ሂርጳ። “ወደር የማይገኝለት” ያለው ማን ነው?»

«እኔ ነኝ» ብሎ ጻፈ ሂርጳ።

«አመሰግናለሁ። እርስዎ ግን ምንጭ አይደሉም። ጽሑፉ ሚዛናዊ እንዲሆን የእርስዎን አስተያየት ማውጣት ይኖርብናል።»

ሂርጳ አወጣው። ቀጥሎ ቢሻው ስለ መቋረጡ ጠየቀ፤ ሂርጳ ሦስቱንም ወሬ በሚዛን አስቀምጦ ጽፎ ነበር፤ «አንዳንዶች እንደሚሉት» እያለ። «አንዳንዶች እነማን ናቸው? የት ታትሟል?» አለው ቢሻው። የትም አልታተመም። ወጣ። ስለ ምላስና ስለ አፍንጫ ዐወድ የተናገረውስ? ሰሚው ሂርጳ ብቻ ነው። ወጣ። ገበያ ውስጥ «ይማርህ» ይባል ስለነበረው? ወጣ። ሰው ጠጉሩን ሲላጭ መስተዋት ውስጥ እንደሚያይ፣ ሂርጳ ጽሑፉ እየሳሳ እየሳሳ ሲሄድ ያያል። በሁለተኛው ሳምንት ከአሥራ ሁለት ገጽ የቀረችው አንዲት ዓረፍተ ነገር ነበረች፤ «“ትርፍ ሰው” በማዶ ቴሌቪዥን ይተላለፍ የነበረ ተከታታይ አስቂኝ ድራማ ነው።» እሷም ጎኗ ላይ «ምንጭ ያስፈልጋል» የሚል ምልክት ተለጥፎባታል። ከላይ ደግሞ ገጹ በሁለት ሳምንት ውስጥ ምንጭ ካልተገኘለት እንደሚሰረዝ የሚያስጠነቅቅ ሣጥን ተቀመጠ።

ማስረጃ ነው የሚፈልጉት? ሂርጳ በዚህ ጊዜ ተረጋጋ፤ እንዲያውም ፈገግ አለ። ማስረጃ ማለትማ የእሱ አገር ነው። በማግሥቱ ፈቃድ ጠየቀና ሦስት ምስክር ይዞ ቀበሌ ሄደ። አንደኛው ሕዝቡ ድራማውን ሲያይበት የነበረው ሻይ ቤት ባለቤት መርጋ ነው። ሁለተኛው ሚኒባሷን ይነዳ የነበረው ጡረተኛ ሹፌር ነው። ሦስተኛው ከመስጊድ የመጡ ሽማግሌ ናቸው፤ እሳቸው እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው «ወላሂ፣ እኔ በዓይኔ አይቷል፣ ስቋል» ብለው ቃላቸውን ሰጡ። የቀበሌው ጸሐፊ ለእንዲህ ያለ ጉዳይ የተዘጋጀ ፎርም ስላልነበረው ለነዋሪነት ማረጋገጫ የሚጽፈውን አስተካክሎ ጻፈ፦

«ጉዳዩ፦ አቶ ዐወድ አብዱልሐሚድ ያስቁ እንደነበር ስለማረጋገጥ። ከላይ በርዕሱ እንደተጠቀሰው ግለሰቡ በሕይወት በነበሩበት ወቅት በቴሌቪዥን ቀርበው ያስነጥሱ የነበረ መሆኑና ኅብረተሰቡም ይስቅ የነበረ መሆኑ በሦስት ምስክሮች ቃል ተረጋግጧል። ይህ ማስረጃ ለንብረት ይገባኛል ጥያቄ አያገለግልም።»

ማኅተሙ ፊርማውን ነክቷል። ሂርጳ ቆሞ ነው ያስመታው። ስካን አድርጎ ላከውና ወንበሩ ላይ ተለጥጦ ጠበቀ።

ቢሻው በዚያው ቀን መለሰ። «አቶ ሂርጳ፣ ደብዳቤውን ሳነብ ሳልስቅ አልቀረሁም፤ ይቅርታ ያድርጉልኝ። እውነትዎን እንደሆነ አልጠራጠርም። ሆኖም የቀበሌ ደብዳቤ ታትሞ ለሕዝብ የተሰራጨ ምንጭ አይደለም፤ ጋዜጣ፣ መጽሔት ወይም መጽሐፍ ያስፈልጋል። እርስዎንስ አምኜዎታለሁ። ያላመንኩት ምንጩን ነው።»

ሂርጳ መልእክቱን ሦስት ጊዜ አነበበው። ከዚያ የግልገል በለሱ መምህር ትዝ አለው፤ ፊቱ፣ አቧራ የለበሰ ጫማው፣ ሻዩን ሳይጨርስ የተነሣበት አነሳስ። ጆሮው ጋለ።

ጋዜጣ ፈለገ። በዚያን ጊዜ ስለ አሶሳ ሚኒባስ ማን ጋዜጣ ላይ ይጽፋል? ባህል ቢሮ፣ ቤተ መጻሕፍት፣ የድሮ መጽሔት የሚያጠራቅም አንድ የሚያውቀው ሰው ዘንድ ሁሉ ሄደ። አንድም መስመር የለም። የቀረው የሀዲል ቪዲዮ ነው። ሊንኩን ለቢሻው ላከለት፤ ለመሆኑ ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ አለ፣ ሰውየው ራሱ እያስነጠሰ!

«አየሁት» አለ ቢሻው፤ «እውነትም ግሩም ነው። ግን ከቴሌቪዥን ላይ የተቀዳና ያለ ባለመብቱ ፈቃድ የተለቀቀ ይመስለኛል። የቅጂ መብት ስላለበት ጽሑፉ ውስጥ ልናስገባው አንችልም። ባለመብቱ ከፈቀደ ሌላ ነገር ነው።»

ሂርጳ ከዚህ ሁሉ ያነበበው የመጨረሻዋን ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው። ባለመብቱ ከፈቀደ! ማመልከት ነዋ!

ባለቤቱ ቃናኒ የዚያን ዕለት ራት ላይ ነገሩን ሰምታ ጉርሻዋን አቆመች። ቃናኒ ከባሏ ያነሰ ተምራለች፤ ሰውን በማወቅ ግን ትበልጠዋለች።

«ማን ጠየቀህ?» አለችው። «ሰዎቹ እንዳላቸው እንኳ አያውቁም። ዝም አይነቅዝም። ተወው።»

«ተደብቆ እስከ መቼ ይኖራል? በሕጋዊ መንገድ እንዲያዝ ነው የምፈልገው።»

«ዐወድን ሕጋዊ ልታደርገው ነው?» አለችና ሳቀች። ሂርጳ ግን አልሳቀም።

ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት ይሏል ይሄ ነው። ሂርጳ በማግሥቱ ማዶ ቴሌቪዥንን ለገዛው ድርጅት ማመልከቻ ጻፈ። በሕይወቱ ከጻፋቸው ደብዳቤዎች ሁሉ ያማረው ነበር። ቁጥር አለው፣ ቀን አለው፣ ጉዳዩ ከሥሩ ተሰምሮበታል። ድራማው የማን እንደሆነ፣ መቼ እንደተላለፈ፣ የት እንደሚገኝ አንድ ሳይቀር ዘረዘረ። ለአንባቢው እንዳይቸግር ብሎ የሀዲልን ሊንክ በአባሪነት አያያዘ። በኢሜይል ላከውና ቅጂውን ፋይል አደረገ።

መልሱ በአምስተኛው ቀን፣ ሰኞ ጠዋት መጣ። ሂርጳ በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ውስጥ እንዲህ ፈጥኖ የመጣ መልስ አያውቅም። አተመው። አርማ አለው፤ የሕግ ክፍል ኃላፊው ስም አለበት፤ ክቡ ማኅተም ፊርማውን በወጉ ነክቶታል። ከማንበቡ በፊት ማኅተሙን አይቶ ደስ አለው፤ በኋላ ላይ ራሱን ከሁሉ በላይ የጠላው በዚህች ደስታ ነው።

«“ትርፍ ሰው” የተሰኘው ዝግጅት ሙሉ መብት የድርጅታችን መሆኑን እየገለጽን፣ ያለ ፈቃድ ተለቅቆ የቆየውን ቅጂ በጥቆማዎ መሠረት እንዲወርድ ያደረግን መሆኑን እናሳውቃለን። የዝግጅቱ ዋና ቅጂ በድርጅታችን ስለማይገኝ የፈቃድ ጥያቄዎን ማስተናገድ አልቻልንም። ለትብብርዎ እናመሰግናለን።»

ሂርጳ «እንዲወርድ» የሚለው ቃል ላይ ጣቱን አሳርፎ ቆየ። ከዚያ ስልኩን አውጥቶ ሊንኩን ነካ። ጥቁር ሣጥን መጣ፤ በመሀሉ «ይህ ቪዲዮ በባለመብቱ ጥያቄ ምክንያት አይገኝም» ይላል። ደግሞ ነካው። ስልኩን አጥፍቶ ከፍቶ ደግሞ ነካው።

ሸርቆሌ ደወለ። ሀዲል የክሊኒኩ ጫጫታ መሀል ሆና አነሳችው።

«አዎ፣ ማስጠንቀቂያ ላኩብኝ። ማን ጠቁሞ እንደሆነ እንጃ» አለች።

«ዋናው አንቺ ጋ አለ አይደል? የቀረጽሽበት ስልክ?»

«የትኛው ስልክ? ያ እኮ ገና ድሮ ውኃ ውስጥ ወድቆ ሞተ። ኢንተርኔት ላይ አለ ብዬ እኮ ነው ያልተጨነቅኩት። አንተስ ስልክህ ላይ አላወረድከውም እንዴ?»

አላወረደውም። ቃናኒም፣ መርጋም፣ ብኸይታም አላወረዱትም። እዚያ ያለ ነገር ይጠፋል ብሎ ማን አሰበ? ሂርጳ ራሱ ቪዲዮውን ማውረድ ያለ ፈቃድ መቅዳት ነው ብሎ ነበር የተወው። ሕግ አክባሪ ነዋ።

ከድጡ ወደ ማጡ ገባ። የቸገረው ሰው ያልሞከረውን ይሞክራልና የድርጅቱን ደብዳቤ ለቢሻው ላከው። «ይኸው፣ ባለቤቶቹ ራሳቸው “ዝግጅቱ የእኛ ነው” ብለው ጽፈዋል፤ ማኅተም አለው። ድራማው እንደነበረ ከዚህ በላይ ምን ይመሰክራል?» አለው። እውነቱን ነው፤ «ትርፍ ሰው» በዓለም ላይ እንደነበረ የሚያረጋግጠው ብቸኛ ሰነድ ያጠፋው ደብዳቤ ነበር። ቢሻው ለመልሱ አንድ ቀን ወሰደ፤ እንደ ልማዱ አልነበረም።

«አቶ ሂርጳ፣ ይህም የግል ደብዳቤ እንጂ የታተመ ምንጭ አይደለም። ሁለቱ ሳምንት ዛሬ ያበቃል። ደንቡን እኔ ብቻዬን አላወጣሁትም፤ ባወጣውም ያው እጽፈው ነበር፤ ደንብ ከሌለ ማንም የፈለገውን ይጽፋል። ግን ቪዲዮውን በማየቴ ደስ ብሎኛል። ልጆቼን ጠርቼ አሳይቻቸው ነበር። እግዚአብሔር ያጽናችሁ።»

በማግሥቱ ገጹ የለም። ሂርጳ የሚቆጣበት ሰው ፈለገ። ቢሻውን ሊረግም ሞከረ፤ አልሆነለትም፤ ቢሻው ማለት ሂርጳ ራሱ ነው፣ ሌላ መስኮት ላይ የተቀመጠ። የሕግ ክፍሉንም አሰበ፤ እነሱም ደብዳቤ ደረሳቸው፣ መለሱ። ዞሮ ዞሮ ነገሩ የራሱ በር ላይ ነው የሚቆመው። ለቃናኒ ነገራት። ለብኸይታ ግን ሊነግራት አልቻለም። ሐሙስ አመሻሽ ላይ ድምጿን በአጥሩ ማዶ ሲሰማ ወደ ውስጥ ገባ፤ ትልቅ ሰውዬ ከጎረቤቱ ተደበቀ።

ዓርብ ግን መምጣቱ አልቀረም። ከሰዓት በኋላ፣ ከጁምዓ በኋላ፣ ሂርጳ በመዝገብ ቤቱ መስኮት ሲያይ ብኸይታ ቆማለች። ሪም አጠገቧ ናት፤ የትምህርት ቤት ዩኒፎርሟን አላወለቀችም። ብኸይታ ስልኳን በመስኮቱ አሳልፋ ዘረጋችለት። ጥቁሩ ሣጥን በላዩ አለ።

«ያ አኹይ፣ ወንድሜ» አለችው፤ «መርሑሙ፣ ሟቹ፣ ጠፋ። ያለፈው ጁምዓ አለ፤ ዛሬ የለም። ካርድ ሞላ፣ አሁንም የለም። ሪም አለቀሰ።» ከዚያ ከነጠላዋ ሥር አንድ ያልተጻፈበት ወረቀት አወጣች፤ እንዳይታጠፍ በደብተር መሀል አድርጋ ነው ያመጣችው። «አንተ ማመልከቻ ያውቃል። ጻፍልኝ። ይመልሱ በል። ባሏ ሞቷል፣ ልጁ ትንሽ ነው፣ ሌላ የለውም በል። እኔ ይፈርማል። ማኅተም ካስፈለገም እኔ ቀበሌ ይሄዳል።»

ሂርጳ ወረቀቱን ተቀበለ። ከልማድ ይሁን ከፍርሃት፣ እጁ ራሱ ሄዶ ከላይ በስተቀኝ ቀኑን ጻፈ። ከዚያ ወርዶ «ለ» ብሎ ጻፈና ቆመ። አድራሻ የሌለው ደብዳቤ አይመዘገብም፤ ይህን ለስንቱ ተናግሯል። ለማን ይጻፍ? ድርጅቱ ቅጂ የለውም። ሀዲል ያ የቀረጸችበት ስልክ የላትም። ቢሻው ምንጭ የለውም። ሂርጳ ከተቀመጠበት ተነሥቶ በሩን ከፈተና እናትና ልጅን ወደ ውስጥ አስገባ፤ ወንበር ሰጣቸው። እሱ አልተቀመጠም።

«ብኸይታ» አለ፤ «ያስወረድኩት እኔ ነኝ።»

ነገራት። ሳይቆርጥ፣ የአብዬን ወደ እምዬ ሳያደርግ፣ ከሪም ልቅሶ ጀምሮ እስከ ሊንኩ ድረስ ነገራት። ብኸይታ ግማሹን ቃል ላይገባት ይችላል፤ የቅጂ መብት፣ ባለመብት፣ አባሪ የሚሉት የእሷ ቃላት አልነበሩም። የገባት ግን ገብቷታል። አንድ ጊዜ «አንተ?» አለች። «እኔ» አላት። ከዚያ ስልኳን አጥፍታ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠችው። አለመጮኋ፣ አለመስደቧ ሂርጳን ቆሞ እንዲያለቅስ አደረገው፤ መደርደሪያዎቹ መሀል፣ አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሰበሰበው ወረቀት ሁሉ እያየው።

የተናገረችው ሪም ነች።

«ዐሚ ሂርጳ» አለች፤ የአባቷን ወንድሞች የምትጠራው እንዲህ ነው። «አንተ ሁሉንም ክፍል አይተሃል አይደል?»

«አይቻለሁ።»

«አሥራ አራቱንም?»

«አሥራ አራቱንም።»

«እንደሱ አድርገህ አሳየኝ።»

ሂርጳ ብኸይታን አያት። አልከለከለችም። እሱም ኮቱን አወለቀ። በሁለት መደርደሪያ መሀል፣ የ2008 ፋይሎች በተደረደሩበት በኩል ገብቶ ቁጢጥ አለ፤ ኮቱን ራሱ ላይ ደረበ። ጨለመበት። ዐወድ እንዴት እንደሚጀምር አሰበ፤ መጀመሪያ ትንሽ ማበጥ። ትከሻውን ከፍ አደረገ። ከዚያ ዝምታው። ዐወድ ምን ያህል ነበር ዝም የሚለው? እስከ ስንት መቁጠር ነበረበት? በልቡ አጥርቶ ይሰማዋል፤ ደረቱ ውስጥ አለ፤ ወደ አፍንጫው ሲያመጣው ግን መንገድ ላይ ይለወጣል። ለቀቀው። ሳልም ማስነጠስም ያልሆነ ደረቅ ነገር ወጣ።

ማንም አልሳቀም።

«ይማርህ» አለች ሪም በትሕትና፤ በደንብ ያደገች ልጅ ነች። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ እናቷን ጠየቀች። «እንዲህ ነበር?»

«አይደለም» አለች ብኸይታ።

«እንዴት ነበር ታዲያ?»

«መጀመሪያ ጋቢው ያብጣል» ብላ ጀመረች ብኸይታ፤ ማስነጠሱን ራሱን ግን በቃል ልታመጣው አልቻለችም። ሂርጳ ኮቱን ከራሱ ላይ እስኪያነሳ ድረስ ብዙ ቆየ።